ኬቮርክ ናልባንዲያን፤ የዜማ ደራሲና የሙዚቃ መምህር

ከምንባቡ በፊት

የሚከተለው ምንባብ የአንድ ሰው የሕይወት ታሪክ ነው። የሕይወት ታሪክ የአንድን ሰው ልደትና ሞት ብቻ አይመዘግብም። ሰውዬው በምን ዘመን እንደ ኖረ፣ ምን ችግር እንደ ገጠመው፣ ምን እንደ ሠራና ሥራው ለሌሎች ምን እንደ ጠቀመ በቅደም ተከተል ያስረዳል። ምንባቡን ከመጀመራችሁ በፊት በሚከተሉት ሁለት ጥያቄዎች ላይ ተወያዩ።

ሀ. አንድ ሰው ባልተወለደበት አገር ለዚያ አገር ሕዝብ ቁም ነገር ሊሠራ ይችላልን?
ለ. መዝሙር ሲለወጥ የደራሲው ሥራ አብሮ ይጠፋልን?

በምንባቡ ውስጥ እ.ኤ.አ. የሚል ምልክት ያልተጻፈባቸው ዓመተ ምሕረቶች በኢትዮጵያ አቈጣጠር የተነገሩ መሆናቸውን ልብ በሉ።

ምንባብ

ተማሪዎች ሆይ! ማለዳ በትምህርት ቤታችሁ ግቢ ተሰልፋችሁ ሰንደቅ ዓላማ በሚሰቀልበት ጊዜ የምትዘምሩትን ብሔራዊ መዝሙር አስታውሱ። በጥሊሊ ያለ ተማሪ፣ በዳንግላ ያለ ተማሪ፣ በሐረር ወይም በጋምቤላ ያለ ተማሪ ይህንኑ ቃል በዚሁ ዜማ ያሰማል። በቤቱ አውኚ የሚናገረውም፣ አማርኛ የሚናገረውም፣ ኦሮምኛ የሚናገረውም በዚያች ሰዓት በአንድ ድምፅ ይተባበራል። ይህን የመሰለ ነገር ግን ከሰማይ አልወረደም። ቃሉን የገጠመ ባለቅኔ፣ ዜማውን የደረሰ ሙዚቀኛ፣ ዜማውን ለሌሎች ያስተማረ መምህር ነበረ። አሁን የምታነቡት፣ ኢትዮጵያ በዘመነ ንጉሠ ነገሥት ለረጅም ዓመታት ትዘምረው የነበረውን መዝሙር ዜማ ስለ ደረሱትና በአገራችን የዘመናዊ ሙዚቃን ትምህርት ካስፋፉት ሰዎች መካከል በግንባር ቀደምትነት ስለሚጠሩት ስለ ኬቮርክ ናልባንዲያን ነው።

ኬቮርክ ናልባንዲያን በ1887 እ.ኤ.አ. አይንታብ በተባለች ከተማ ተወለዱ። አይንታብ በዚያን ዘመን በኦቶማን ቱርክ መንግሥት ግዛት ውስጥ የነበረች ስትሆን፣ ዛሬ ጋዚያንቴፕ እየተባለች በቱርክ አገር ትገኛለች። የኬቮርክ ወገኖች አርመኖች ናቸው። አርመኖች እንደ ኢትዮጵያውያን ሁሉ ክርስትናን በጥንት ዘመን የተቀበሉ፣ የራሳቸው ፊደልና የራሳቸው የቤተ ክርስቲያን ዜማ ያላቸው ሕዝብ ናቸው። የሁለቱ ሕዝቦች አብያተ ክርስቲያናት እኅትማማች በመሆናቸው መነኮሳታቸው በኢየሩሳሌም ከተማ ለብዙ መቶ ዓመታት ጎን ለጎን ኖረዋል። ከዚህም ሌላ የጎጃምን ታሪክ ያነበበ ሰው መርጡለ ማርያምን ያሠራችው ንግሥት እሌኒ በ16ኛው ምእት ዓመት እ.ኤ.አ. መጀመሪያ ወደ ፖርቱጋል ንጉሥ የላከችው መልእክተኛ ማቴዎስ የተባለ አርመናዊ እንደ ነበረ ያስታውሳል። ስለዚህ አርመንና ኢትዮጵያ ከኬቮርክ መምጣት አስቀድሞ የሚተዋወቁ ነበሩ።

ኬቮርክ በተወለዱበት ዘመን የአርመኖች ኑሮ ጸጥታ አልነበረውም። የአንደኛው የዓለም ጦርነት በተጀመረ ማግሥት፣ በ1915 እ.ኤ.አ.፣ የኦቶማን መንግሥት አርመኖችን ከየቀያቸው እየነቀለ ወደ ሶርያ በረሃ ነዳቸው። እጅግ ብዙ ሕዝብ በሰይፍ፣ በረኃብና በበሽታ አለቀ። ከሞት የተረፉት ወደ ሐለብ፣ ወደ ቤይሩት፣ ወደ ካይሮና ወደ ኢየሩሳሌም ተበተኑ። በዚህ መከራ ውስጥ ይበልጥ የሚያሳዝነው የሕፃናቱ ዕጣ ነበረ። አባትና እናታቸውን በመንገድ ያጡ ልጆች ስማቸውን እንኳ በውል ሳያውቁ በየገዳሙና በየሕፃናት ማሳደጊያው ተጠለሉ። በኢየሩሳሌም የሚገኘው የአርመኖች የቅዱስ ያዕቆብ ገዳምም ከእነዚህ ልጆች ብዙዎቹን ተቀብሎ ያሳድግ ነበር።

እስቲ አሁን ደግሞ ወደ ኢትዮጵያ እንመለስ። በዚያን ጊዜ በዙፋን ላይ የነበሩት ንግሥተ ነገሥታት ዘውዲቱ ሲሆኑ፣ አልጋ ወራሹ ራስ ተፈሪ መኰንን ነበሩ። ኢትዮጵያ በመስከረም 1916 ዓ.ም. የዓለም መንግሥታት ማኅበር አባል ሆነች። በዚያው ዓመት ራስ ተፈሪ በርካታ መኳንንት አስከትለው ወደ ኢየሩሳሌም፣ ወደ ግብፅና ወደ አውሮፓ ተጓዙ። የጎጃሙ ገዥ ራስ ኃይሉ ተክለ ሃይማኖትና የትግራዩ ራስ ሥዩም መንገሻ ከተከተሏቸው መኳንንት መካከል ነበሩ። ጉዞው የተጀመረው በፋሲካ ሰሞን ስለ ነበረ መጀመሪያ የሄዱት ቅዱሳት መካናትን ለመሳለም ወደ ኢየሩሳሌም ነው።

ራስ ተፈሪ በኢየሩሳሌም የአርመኖችን ገዳም በጎበኙ ጊዜ ወላጆቻቸው ያለቁባቸውን ልጆች አዩ። ልባቸው በኀዘን ተነካ። ከአርመን ፓትርያርክ ጋር ተነጋግረውም አርባዎቹ ወደ ኢትዮጵያ እንዲመጡና በኢትዮጵያ መንግሥት ወጪ የሙዚቃ ትምህርት እንዲማሩ ስምምነት አደረጉ። ልጆቹ አንድ የአርመን ካህን እየመራቸው ጳጉሜን 1 ቀን 1916 ዓ.ም. አዲስ አበባ ገቡ። አሮጌው ዓመት ሊፈጸም፣ አዲሱ ሊገባ አምስት ቀን ብቻ ቀርቶት ነበር። ከዚያን ጊዜ ጀምሮ አርባ ልጆች የሚለው ስም መጠሪያቸው ሆኖ ቀረ። የእነዚህ ልጆች የሙዚቃ መምህርና የጓዱ መሪ የሆኑት ኬቮርክ ናልባንዲያን ነበሩ። በዚያን ጊዜ ዕድሜያቸው ወደ 37 ዓመት ይጠጋል።

ከዚህ ላይ አንድ ነገር መረዳት ያስፈልጋል። ኬቮርክ ወደ ኢትዮጵያ የመጡት ሙዚቃ ወደማታውቅ አገር አልነበረም። ኢትዮጵያ የቅዱስ ያሬድን ዜማ ከነምልክቱ፣ ግዕዝን፣ ዕዝልንና አራራይን ጠብቃ ያቆየች አገር ናት። በአደባባይ እምቢልታና መለከት፣ በቤት ክራርና ማሲንቆ፣ በጸሎት ጊዜ በገና፣ በመስክ ዋሽንት ነበሯት። በሕዝብ ዘፈን ውስጥም ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰልና አንቺ ሆዬ የሚባሉት ቅኝቶች ይሰሙ ነበር። ከአውሮፓ የመጡ የነሐስ የሙዚቃ መሣሪያዎችም ቢሆኑ ፈጽሞ እንግዳ አልነበሩም። ከዐድዋ ድል በኋላ የሩስያው ንጉሠ ነገሥት ኒኮላስ ሁለተኛ ለዐፄ ምኒልክ እንዲህ ያሉትን መሣሪያዎች በስጦታ ልከው ነበር። ታዲያ የጎደለው ምን ነበር? የጎደለው በኖታ የተጻፈ ሙዚቃ አንብቦ፣ ልዩ ልዩ መሣሪያዎችን አስተባብሮ፣ በመንግሥት ሥነ ሥርዓት ላይ ዘወትር የሚያገለግል የሠለጠነ የሙዚቃ ጓድ ነበር። አርባ ልጆች በኬቮርክ መሪነት ይህን ጉድለት ሞሉ። የአገሪቱ የመጀመሪያው ይፋዊ የመንግሥት ኦርኬስትራ ተብለው የሚጠቀሱትም ስለዚህ ነው።

ይህን ሥራ ቀላል አድርጋችሁ እንዳትገምቱት። ጥሩምባ የሚያስተምር መምህር በመጀመሪያ የሚያስተምረው ዜማ ሳይሆን ትንፋሽ ነው። ተማሪው አየሩን ከሆዱ ስቦ፣ ከንፈሩን አጥብቆ፣ ድምፁን ሳያንቀጠቅጥ ማውጣት አለበት። ከዚያ በአምስት መሥመሮች ላይ የተሰደሩትን የኖታ ምልክቶች ማንበብ ይማራል። የምልክቱ ቦታ የድምፁን ከፍታና ዝቅታ፣ የምልክቱ ቅርጽ የድምፁን ርዝመት ይነግረዋል። የቤተ ክርስቲያን ተማሪ ድጓ ሲማር በቃላቱ ላይ የተጻፉትን ምልክቶች እያየ ዜማውን እንደሚያስታውስ ሁሉ፣ ይኸኛውም ተማሪ ኖታውን እያየ ያላንዳች ስሕተት መንፋት ይጠበቅበታል። የሁሉም መጨረሻ ደግሞ ጓደኛን መስማት ነው። አርባ ሰው በአንድነት ሲጫወት አንዱ ቢቸኵል ወይም ቢዘገይ የሁሉም ሥራ ይበላሻል። ወላጅ የሌላቸውን፣ አገራቸውን በእሳት ያጡ ልጆችን ይህን ትዕግሥት ማስተማር ከሙዚቃ መምህርነት በላይ አባትነትንም የሚጠይቅ ነበር።

ኬቮርክ ከማስተማር ጋር ዜማ መድረስን አጣምረው ያዙ። በ1926 እ.ኤ.አ. በአልጋ ወራሹ ጥያቄ ማርሽ ተፈሪ የተባለውን ዜማ ደረሱ። ማርሽ ማለት ሰልፈኛ እርምጃውን አስተካክሎ የሚሄድበት፣ ምቱ የማይዛባ የሙዚቃ ዓይነት ነው። የአንድ አገር መሪ ወደ ሌላ አገር በሄደ ጊዜ፣ ወይም የውጭ አገር እንግዳ በተቀበለ ጊዜ፣ የሁለቱ አገሮች መዝሙር ማሰማት የመንግሥታት ልማድ ነው። ኢትዮጵያም ወደ ዓለም መንግሥታት ማኅበር ከገባች በኋላ ከሌሎች መንግሥታት ጋር እኩል የምትቆምበት መዝሙር ያስፈልጋት ነበር። የኬቮርክ ድርሰት ይህን ቦታ ያዘ።

ዜማው ቃል ያስፈልገው ነበር። ቃሉን የገጠሙት ደግሞ ከጎጃም የተገኙት ቀኝ ጌታ ዮፍታሔ ንጉሤ ናቸው። ዮፍታሔ የተወለዱት በደብረ ኤልያስ ነው። ከጥሊሊ ተነሥታችሁ ቡሬን አልፋችሁ ወደ ደብረ ማርቆስ አቅጣጫ ብትሄዱ በቅኔ ትምህርት ስሟ ወደ ገነነው ወደዚያች አገር ትደርሳላችሁ። ዮፍታሔ በአብነት ትምህርት ቤት ቅኔን ተምረው ወደ አዲስ አበባ ከመጡ በኋላ በመምህርነት አገለገሉ። ለተማሪዎች የሚሆኑ መዝሙሮችንና ቴአትሮችንም ደረሱ። እንግዲህ አስቡት፤ አንዱ ከአይንታብ፣ ሌላው ከደብረ ኤልያስ የመጡ ሁለት መምህራን በአዲስ አበባ ተገናኝተው የአንድ አገር መዝሙር አበጁ። አንደኛው ኖታ፣ ሁለተኛው ቅኔ ተምረዋል። አንደኛው በምዕራባውያን የሙዚቃ ሥርዓት፣ ሁለተኛው በቤተ ክርስቲያን ዜማ የታነጹ ናቸው።

የእነዚህን ሁለት ሰዎች ሥራ ከቋንቋ ትምህርታችን አንጻር ብንመለከተው የበለጠ እናደንቀዋለን። በአማርኛ አንድ ፊደል ጠብቆ ወይም ላልቶ ሲነበብ የቃሉ ትርጉም እንደሚለወጥ ታውቃላችሁ። ዋና የሚለው ቃል ናው ሲላላ በውሃ ላይ መንሳፈፍን፣ ሲጠብቅ ደግሞ የነገርን አውራ ያመለክታል። ጽሑፉ ግን ሁለቱንም አይለይም። በንግግር ጊዜ አንደበታችን ይለየዋል። ቃል ከዜማ ጋር በሚጋባበት ጊዜ ታዲያ ዜማው አንደበትን ካልተከተለ ችግር ይፈጠራል። ላልቶ መነገር ያለበትን ፊደል ዜማው ቢያጠብቀው፣ ወይም በጠበቀው ላይ ያለ አግባብ ቢጎትት፣ ሰሚው ሌላ ትርጉም ይሰማል ወይም ጭራሹን ግራ ይገባዋል። ከዚህም በላይ የግጥሙ ስንኝ ከዜማው ሐረግ ጋር እኩል ሊያልቅ፣ ቤት የሚመታበትም ቃል ዜማው ከሚያርፍበት ቦታ ጋር ሊገጥም ይገባል። በአማርኛ ያልተወለደ የዜማ ደራሲ ይህን ሁሉ ሊያውቅ የሚችለው ቋንቋውን በጥንቃቄ በማዳመጥ ነው። ከእናንተ መካከል በቤታችሁ አውኚ እየተናገራችሁ በትምህርት ቤት በአማርኛ ድርሰት የምትጽፉ አላችሁ። እናንተ ይህ ትጋት ምን ያህል እንደሚጠይቅ ከሌሎች ይበልጥ ታውቁታላችሁ።

መዝሙሩ በይፋ ለመጀመሪያ ጊዜ የተሰማው ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. ራስ ተፈሪ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ተብለው ንጉሠ ነገሥት ሆነው በነገሡበት ዕለት ነው። በዚያን ቀን ከልዩ ልዩ አገሮች የመጡ እንግዶች በአዲስ አበባ ተሰብስበው ነበር። ከእንግሊዝ የንጉሡ ልጅ የግሎስተር መስፍን፣ ከኢጣልያ የኡዲኔ መስፍን፣ ከፈረንሣይ ማርሻል ፍራንሼ ዴስፔሬ ተገኝተዋል። ከስድስት ዓመት በፊት ከስደተኞች ልጆች ጋር ወደ አዲስ አበባ የገባው መምህር፣ በዚህ ታላቅ ጉባኤ ፊት ድርሰቱ የኢትዮጵያ መዝሙር ሆኖ ሲሰማ ለማየት በቃ።

አርባዎቹ ልጆች ከመንግሥት ጋር የገቡት ውል የአራት ዓመት ነበረ። ውሉ በ1928 እ.ኤ.አ. ሲፈጸም ጓዱ ተበተነ። ከልጆቹ አንዳንዶቹ ወደ ሌላ አገር ሄዱ፤ ሌሎቹ በኢትዮጵያ ቀርተው ትዳር መሥርተው ኖሩ። ኬቮርክም እዚሁ ቀሩ። ሙዚቃ ማስተማራቸውንና ዜማ መድረሳቸውን አልተዉም። በተለይ በዚያ ዘመን ገና በመጀመር ላይ ለነበረው የአማርኛ ቴአትር የዜማ ሥራ አበርክተዋል፤ በዚህም ከዮፍታሔ ንጉሤ ጋር የጀመሩት የሥራ ባልደረባነት ቀጠለ።

ይሁን እንጂ መዝሙሩ በአደባባይ የተሰማበት ጊዜ ብዙም ሳይቆይ ተቋረጠ። ፋሽስት ኢጣልያ በ1928 ዓ.ም. አዲስ አበባን ያዘ። የአገር ነፃነት ሲገፈፍ የአገር መዝሙርም ከአደባባይ ይወገዳል። ቃሉን የገጠሙት ዮፍታሔ ራሳቸው ወደ ሱዳን ተሰደዱ። እነሆ የነገሩን ምጸት ተመልከቱ፤ ዜማውን የደረሱት ሰው አገር አጥተው ወደ ኢትዮጵያ መጡ፤ ቃሉን የገጠሙት ሰው ደግሞ አገራቸው ተወርሮባቸው ከኢትዮጵያ ወጡ። የስደት ትርጉም ለሁለቱም እኩል ተገለጠላቸው።

የስደቱ ዘመን በአምስት ዓመት አበቃ። ንጉሠ ነገሥቱ ጥር 12 ቀን 1933 ዓ.ም. በኦሜድላ በኩል የኢትዮጵያን ድንበር አልፈው ገቡ። ከአርበኞች ጋር የዘመተው የጌዴዎን ጦርም በጎጃም ምድር ወደ ፊት ገፋ። ጠላት ዳንግላንና እንጅባራን ለቆ ወደ ቡሬና ወደ ደብረ ማርቆስ አፈገፈገ። ጦሩም በዚሁ አቅጣጫ ተከተለው። ጥሊሊ በእንጅባራና በቡሬ መካከል የምትገኝ በመሆኗ፣ እናንተ ዛሬ ወደ ትምህርት ቤት የምትመላለሱበት አካባቢ ያን ጊዜ የነፃነት ጉዞ የሚያልፍበት በር ነበር። ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ አዲስ አበባ ገቡ፤ መዝሙሩም ከሰንደቅ ዓላማው ጋር ወደ ቦታው ተመለሰ። ዮፍታሔ ግን ከነፃነት በኋላ ብዙ አልኖሩም። በ1939 ዓ.ም. ዐረፉ።

ከነፃነት በኋላ የዘመናዊ ሙዚቃ ትምህርት እየሰፋ ሄደ። ኬቮርክ ብቻቸውን አልነበሩም። የወንድማቸው ልጅ ኔርሰስ ናልባንዲያንም ወደ ኢትዮጵያ መጥተው በዚሁ ሙያ ተሰማርተው ነበር። ኔርሰስ የአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤትን የሙዚቃ ጓድ መርተዋል። በ1955 እ.ኤ.አ. በተመረቀው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር ቤት፣ ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር በሚባለው፣ ሙዚቃ አቀናብረዋል፤ ድምፃውያንንና ተጫዋቾችን አሠልጥነዋል። ለያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤት መነሻ ከሆኑት ሰዎችም አንዱ ናቸው። የኢትዮጵያን ቅኝቶች ለዘመናዊ መሣሪያዎች እንዲስማሙ አድርጎ የማቀናበር ሥራ በእርሳቸውና በተማሪዎቻቸው እጅ ብዙ ተራምዷል። እንዲህ ሆኖ አጎት የጀመሩትን የወንድም ልጅ ቀጠሉት። ኬቮርክ በ1963 እ.ኤ.አ.፣ ኔርሰስ በ1977 እ.ኤ.አ. ከዚህ ዓለም በሞት ተለዩ።

ኬቮርክ በዐረፉ ጊዜ መዝሙራቸው ገና ይዘመር ነበር። ከዚያ በኋላ ግን ዘመኑ ተለወጠ። መዝሙሩ የንጉሠ ነገሥቱን መንግሥት የሚያወድስ በመሆኑ፣ ዘውዱ በ1967 ዓ.ም. ሲወድቅ አብሮ ወደቀ። በደርግ ዘመን ቃሉን አሰፋ ገብረ ማርያም የገጠሙት፣ ዜማውን ዳንኤል ዮሐንስ የደረሱት አዲስ መዝሙር ተተካ። እርሱም በተራው በ1984 ዓ.ም. ተለውጦ፣ ዛሬ የምትዘምሩት መዝሙር ታወጀ። የዚህ ቃል የደረጀ መላኩ፣ ዜማው የሰሎሞን ሉሉ ነው። ስለዚህ የኬቮርክ ዜማ ዛሬ በትምህርት ቤት ሰልፍ ላይ አይሰማም። ከእናንተ መካከል አያቶቹን ጠይቆ የሚያረጋግጥ ቢኖር፣ በልጅነታቸው እየዘመሩት ያደጉ አረጋውያንን ያገኛል።

እንግዲህ የኬቮርክ ድካም ከንቱ ቀረ እንላለንን? በዚህ ጥያቄ ላይ ጥቂት እንቆይ። መዝሙር ከመንግሥት ጋር የተጣመረ ነው፤ መንግሥት ሲያልፍ ያልፋል። ትምህርት ግን ከሰው ጋር የተጣመረ ነው፤ ከሰው ወደ ሰው ይተላለፋል። ከደርግ ዘመን መዝሙርም ሆነ ከዛሬው መዝሙር በፊት፣ ዜማን በኖታ መጻፍና በኦርኬስትራ ማሰማት በኢትዮጵያ ሥር መያዝ ነበረበት። ሥሩን ከተከሉት አንዱ ኬቮርክ ናልባንዲያን ናቸው። ዛፉን ሲያዩ ሥሩን የሚያስታውሱ ጥቂቶች ናቸው፤ ነገር ግን ሥር ባይኖር ዛፍ አይቆምም።

ሌላም ትምህርት አለ። ራስ ተፈሪ በኢየሩሳሌም ያዩትን አይተው ባለፉ፣ አርባዎቹ ልጆች በሌላ ቦታ በሌላ ኑሮ ባደጉ፣ ኬቮርክም ወደ ኢትዮጵያ ባልመጡ ነበር። ለስደተኛ የተከፈተ በር የከፈተውንም ቤት ጠቀመ። ኢትዮጵያ ለአርባ ወላጅ አልባ ልጆች መጠጊያ ሰጠች፤ በምላሹም ኦርኬስትራ፣ መዝሙርና መምህራን አገኘች። ባለ ውለታ ማን እንደ ሆነ መለየት እስኪያስቸግር ድረስ ስጦታው የሁለት ወገን ሆነ። እናንተም ከሌላ ቀበሌ ወይም ከሌላ አገር ተፈናቅሎ ወደ ክፍላችሁ የመጣ ተማሪ ስታዩ፣ ምን ጎድሎት እንደ መጣ ብቻ ሳይሆን ምን ይዞ እንደ መጣም ጠይቁ።

የቃላት ፍቺ

አልጋ ወራሽ፦ ዙፋን ለመውረስ የተሾመ።
ማርሽ፦ ለሰልፍ እርምጃ የሚስማማ የሙዚቃ ስልት።
ኖታ፦ የድምፅን ከፍታና ርዝመት የሚያመለክት የሙዚቃ ጽሕፈት።
ውል፦ ሁለት ወገኖች የሚገቡት ስምምነት።
የሙዚቃ ጓድ፦ በአንድነት ሙዚቃ የሚጫወቱ ሰዎች ስብስብ።
ምጸት፦ ከሚጠበቀው ተቃራኒ ሆኖ የሚገኝ ሁኔታ።

መልመጃ አንድ። የሚከተሉትን ጥያቄዎች በምንባቡ መሠረት በተሟላ ዐረፍተ ነገር መልሱ።

1. አርባ ልጆች የተባሉት እነማን ናቸው? ወደ ኢትዮጵያ የመጡት በምን ምክንያት ነው?
2. ኬቮርክ ወደ ኢትዮጵያ ሲመጡ በአገሪቱ ምን ዓይነት ሙዚቃ ነበር? የጎደለውስ ምን ነበር?
3. የኬቮርክና የዮፍታሔ ሕይወት በምን ይመሳሰላል? በምንስ ይለያያል?
4. ጸሐፊው በመዝሙርና በትምህርት መካከል ያደረገው ማነጻጸር ምንድን ነው? ትስማሙበታላችሁ? ምክንያታችሁን ግለጹ።

መልመጃ ሁለት። የሚከተሉት ቃላት ጠብቀውና ላልተው ሲነበቡ የሚሰጡትን ሁለት ሁለት ትርጉም ካስረዳችሁ በኋላ በዐረፍተ ነገር ውስጥ አግቧቸው።

ሀ. ገና     ለ. አለ     ሐ. ሰፊ

መልመጃ ሦስት። ድርሰት ጻፉ።

በአካባቢያችሁ ከኖሩና ዛሬ በሕይወት ከሌሉ ሰዎች መካከል ለሌሎች ዕውቀት ያስተላለፉ አንድ ሰው ምረጡ። የዜማ ወይም የቅኔ መምህር፣ የፈረስ ጉግስ አሠልጣኝ፣ የሽመና ወይም የግንባታ ባለሙያ ሊሆኑ ይችላሉ። የሚያውቋቸውን ሽማግሌዎች ጠይቃችሁ የሕይወት ታሪካቸውን ከሁለት ገጽ ባልበለጠ ጽሑፍ አዘጋጁ። በድርሰታችሁ መጀመሪያ የትውልድ ቦታቸውንና ዘመናቸውን፣ በመካከሉ ሥራቸውንና የገጠማቸውን ችግር፣ በመጨረሻ ከእርሳቸው በኋላ የቀረውን ፍሬ ግለጹ። ስለ እርሳቸው ስትጽፉ የአክብሮት አንቀጽ መጠቀማችሁን አትዘንጉ። ያላረጋገጣችሁትን ነገር እንደ እውነት አትጻፉ።